ሞሎን ዝም ያለ ቀን

ሞሎን ቁጭ ብሎ ሲበላ ያየው ሰው የለም። ዳቦውን በአንድ እጁ ይዞ እየተንጎራደደ ይገምጣል። ወሬ ሲነግሩት ወሬው ሳያልቅ እሱ በሩ ጋ ደርሷል። ሲተኛ እንኳ እግሩ ስለሚራገጥ አጠገቡ የሚተኙት ተዋንያን ያማርሩ ነበር። "መቀመጫህ ላይ እሾህ በቅሏል እንዴ?" እለዋለሁ። "ቪቢያ፣ አንቺ ስፌትሽን ስፊ" ይለኝና ውልቅ ይላል።

እኔ የቡድኑን ልብስ የምሰፋ፣ ዊግ የማበጥር ሴት ነኝ። ጌታችን ኦፊሊዮስ የካምፓኒያ ሰው ነው። ተዋንያኑም፣ ልብሱም፣ እኔም የእሱ ንብረት ነበርን። በዓል በመጣ ቁጥር ዕቃችንን በጋሪ ጭኖ ለየከተማው ሹማምንት ያከራየናል።

የሞሎን ሥራ መሮጥ ነበር። መቼም በየቴአትሩ ወሬ ይዞ የሚሮጥ አንድ ባሪያ አይጠፋም። ቀይ ዊጉን አጥልቆ፣ ካባውን አንገቱ ላይ ጠምጥሞ፣ "ዞር በሉ፣ መንገድ ልቀቁ" እያለ ይገባል። የሚፈልገው ጌታው አፍንጫው ሥር ቆሞ ሳለ አያየውም፤ ሕዝቡ በሳቅ ይፈርሳል። ታሪኩ እንደሆነ ሁሌም ያው ነው። ደራሲዎቻችን ከግሪኮች ይወስዱታል፣ የሰፈራችንን ስድብ ይጨምሩበታል፣ የኛ ነው ይላሉ። ነገ ደግሞ ሌላው ከነሱ ይወስዳል። ስስታም ሽማግሌ፣ በፍቅር ያበደ ልጁ፣ ጉረኛ ወታደር፣ ሁሉን የሚያታልል ባሪያ። መጨረሻ ላይ ባሪያ ናት የተባለችው ልጅ የተከበረ ሰው ልጅ ሆና ትገኛለች፣ አባት ያለቅሳል፣ ሠርግ ይደገሳል። ውሸት መሆኑን እያወቅሁ ባየሁት ቁጥር አለቅሳለሁ፤ በራሴም እናደዳለሁ። የልጅ ልጆቻችንም፣ የማናውቃቸው ሰዎችም፣ በማናውቀው ቋንቋ እያዩት ሳያለቅሱ አይቀሩም።

ሞሎን ግን አያለቅስም ነበር። እሱ የሚያየው ተመልካቹን ነው።

ሴት ልጅ ነበረችው፤ ሚካ ትባላለች። እናቷን ንዳድ ወሰዳት። ልጅቱ ገና አፍ መፍታት ስትጀምር የያኔው ጌታችን የኦፊሊዮስ አባት ለመንገደኛ ነጋዴ ሸጣት። በሕጋችን ባሪያ አባት የለውም፤ ስለዚህ ሞሎንን የጠየቀው የለም። ለከብት ውኃ ሊቀዳ ሄዶ ሲመለስ ልጁ የለችም። ሕፃን ሳለች ውሻ ነክሷት የግራ ጆሮዋ ጫፍ ተቆርጦ ነበር። ከዚያ ወዲያ በየከተማው፣ በየመድረኩ እየሮጠ ያቺን ጆሮ ይፈልጋል። ሰው አስቂኝ ዓይን አለው ይላል። የሚያንከራትተው ምን እንደሆነ የማውቀው እኔ ብቻ ነበርኩ።

በዚያ ዓመት ታላቋ እናት የምንላት አምላክ በዓል ሲቃረብ ኦፊሊዮስ ጠራውና፣ "በዓሉ በሰላም ካለፈ ዳኛው ፊት አቁሜ ነፃ አወጣሃለሁ" አለው፤ በሁላችን ፊት። ደስ አለኝ፣ አልደብቅም። ነፃ ከወጣ በኋላ ሠርቶ እኔንም ሊያስለቅቀኝ፣ አንድ ጣሪያ ሥር ልንኖር ተነጋግረን ነበር። እሱ ግን ያንን እየነገርኩት እንኳ ወለሉን በእግሩ ይደበድብ ነበር።

በዓሉ ደረሰ። ከቤተ መቅደሱ ደረጃ በታች የእንጨት መድረክ ተተከለ። ሕዝቡ ሽንብራውን እየቆረጠመ፣ በቦታ እየተጣላ ሞላ። ሞሎን ሁለተኛውን ሩጫውን ጨርሶ ከመድረክ ኋላ ሲገባ ከንፈሩ ደርቋል።

"አየኋት" አለኝ።

"ማንን?"

"ከሴቶቹ ረድፍ፣ ቢጫ ሻሽ ካደረገችው እመቤት ጎን። ጆሮዋን አየሁት። ሂጂልኝ ቪቢያ፣ እንደ ምንም ብለሽ እያቸው፤ እኔ ልብስ ልለውጥ ነው።"

መርፌ የምለምን መስዬ ሄድኩ። እመቤቲቱ ኦርቄቪያ የምትባል ከጵሬነስቴ ከተማ የመጣች፣ ባል የሞተባት ሴት ናት። ልጅቱን "ሚካ፣ ትራሱን አቀብዪኝ" ስትላት በጆሮዬ ሰማሁ። ሠረገላቸው በር ላይ ተጠምዶ ቆሟል፤ ጨዋታው እንዳለቀ ይነሳሉ።

ተመልሼ ነገርኩት። ጨዋታው ሲያልቅ ኦፊሊዮስ በር ዘግቶ ነው ልብስ የሚያስወልቀን፤ ሰው ሁሉ እስኪበተን አንወጣም። ሞሎን ግድግዳውን ይዞ ቆመ። እግሩ እንኳ አለመንቀሳቀሱ አስፈራኝ። ከዚያ ዋሽንቱ ጠራውና ገባ።

የመጨረሻ ሩጫው ነበር። "የጠፋችው ልጅ ተገኘች" ብሎ ለሽማግሌው የሚያበስርበት። እየሮጠ መሃል ደረሰ፣ ቆመ፣ አፉን ዘጋ። ዋሽንት ነፊው ለአፍታ ጠበቀው፤ ደግሞ ጀመረ፤ ግራ ገብቶት እሱም ተወው። ሕዝቡ ቀልድ መስሎት ሳቀ፣ ቀጥሎ ሳቁ እየሳሳ ሄደ። ካህኑ ከመቀመጫው ሲነሳ ሁሉም ገባው። ጨዋታው የአምላክ ነው፤ ዋሽንት መሃል ላይ ዝም ካለ፣ ተዋናይ ቃሉን ካቋረጠ በዓሉ ረክሷል። በማግስቱ ከመሥዋዕቱ ጀምሮ ሁሉም እንደ አዲስ ይደገማል።

ሕዝቡ ሌላ የዕረፍት ቀን ስላገኘ ፈነጠዘ። ድጋሚውን ሳያይ ወደ ቤቱ የሚሄድ ሰው ደግሞ የለም፤ የታላቋን እናት ቁጣ ይዞ መሄድ ነው። ኦርቄቪያ ሠረገላውን እንዲፈቱ ስታዝ አየሁ። ሞሎንም አየ።

ኦፊሊዮስ ራሱ ገረፈው። "ይህን ሁሉ ዘመን ያልጠፋህ ቃል ዛሬ ጠፋህ?" እያለ። "ነፃ መውጣቱን እርሳው። እኔ በሕይወት እያለሁ እርሳው።" ጀርባውን ዘይት ስቀባው፣ "አንተ ሰውዬ፣ እኔንስ አላሰብከኝም?" አልኩት፤ ተቆጥቼ ነበር። "አሰብኩሽ" አለኝ፤ "ግን ትሄድብኝ ነበር።" ተናድጄ ቁስሉን ጫን አልኩት፤ ወዲያው ደግሞ አዘንኩለት።

በማግስቱ ሌላ ሯጭ ስለሌለ መድረክ መውጣቱ አልቀረም። ገና ጠዋት፣ ካህናቱ መሥዋዕቱን ሲያቀርቡ፣ ኦፊሊዮስ ከሹሙ ዘንድ ይቅርታ ሊለምን ሄዶ ሳለ፣ ሞሎን እጄን ይዞ እየጎተተ ወደ ሴቶቹ ረድፍ ወሰደኝ። ልቤ ከሱ በላይ ይሮጥ ነበር።

"እመቤቴ" አላት ኦርቄቪያን፣ ጎንበስ ብሎ። "ይቅር ይበሉኝና፣ ይቺን ልጅ አውቃታለሁ።"

ኦርቄቪያ ትራሷን ገፍታ ተነሳች። "አላልኩሽም? አላልኩም ሚካ?" አለች። "ከተከበረ ቤት የጠፋች ልጅ ናት ብዬ ስንት ዓመት ስለፈልፍ። ነፃ አውጥቻታለሁ፣ እንደ ልጄ ነው ያሳደግኋት። የወንድሜ ልጅ ካላገባኋት እሞታለሁ ይላል። አባቱ ግን ባሪያ የወለዳትን ቤቴ አላስገባም ብሎ እንቢ አለ። በል ተናገር፣ የማን ናት?"

ሞሎን አፉን ከፍቶ ነበር። "የኔ" የምትለዋ ቃል ምላሱ ላይ ነበረች፤ እኔ አጠገቡ ስለቆምኩ አውቃለሁ። ልጅቱን አያት። ደስታዋ ከፊቷ ይፈስ ነበር፤ እጇን ደረቷ ላይ አድርጋ መድረክ ላይ እንደሚታዩት የጠፉ ልጆች ትጠብቃለች። ስንት በዓል እያየች እንዳደገች ገባኝ። እሱም ገባው።

"የታሬንቱም መርከበኛ ነጋዴ ልጅ ናት" አለ ሞሎን። "እኔ የቤቱ አሽከር ነበርኩ። ሽፍቶች ሲወስዷት ነበርኩ። ጆሮዋን የነከሳት የግቢያችን ውሻ ነው። አባቷም እናቷም ሞተዋል፤ ከኔ ሌላ የሚያውቅ የለም። በወንድምዎ ፊት ቆሜ እናገራለሁ፣ ቢገርፉኝም ቃሌ አይለወጥም።"

ያን ያህል ሲዋሽ አንዴ እንኳ አልተደናቀፈም። ዕድሜ ልኩን በመድረክ ላይ ለወጣት ጌቶቹ ሲል ሲዋሽ የኖረ ሰው አይደል። እኔ መሬት መሬት አየሁ። ጮኼ ልናገር ፈልጌ ነበር፤ ተውኩት።

ኦርቄቪያ እያለቀሰች ለጎረቤቶቿ ማውራት ጀመረች። ሚካ ወደ ሞሎን ጠጋ አለች።

"አንተ" አለችው፤ ለሰው አሽከር ሌላ ምን ይባላል። "አባቴ ምን ይመስል ነበር?"

"ትልቅ ሰው ነበሩ። ጢማቸው ነጭ፣ እጃቸው የተከፈተ።"

"ስጠፋ አለቀሰ?"

"አለቀሰ" አለ ሞሎን።

ስለ አባቷ ከነገራት ሁሉ እውነቱ ያቺ ብቻ ነበረች። ልጅቱ እንባዋን ጠረገች። ከቅርጫቷ አንድ የማር ኬክ አወጣችና፣ ቁራሽ ቆርሳ፣ ደግ እመቤት ለአሽከር እንደምትሰጠው ዘርግታ ሰጠችው። ሞሎን ዝቅ ብሎ በሁለት እጁ ተቀበላት።