የልዝቦ ወሬ

ከጣራ ገዳም ግርጌ ወደ ፎገራ ሜዳ የተዳርኩት የአሥራ ስምንት ዓመት ልጅ ሆኜ፣ በሃምሳዎቹ መጀመሪያ ነው። በበጋ ሳየው ሜዳው ደስ ብሎኝ ነበር። ክረምት ሲገባ ግን ርብ ሞልቶ ወጣና አገሩ ሁሉ ውሃ ሆነ። ቤታችን ከፍ ያለ ቦታ ላይ ስለነበር ደረቅ ላይ ቀረን፤ ጎረቤት የሚጠየቀው ግን በታንኳ ነው። ወረታ ገበያ መውጣትማ የማይታሰብ ነበር።

ቀን ቀን የሰፈሩ ሴቶች እኛ ቤት እየተሰበሰቡ ጥጥ ይፈትላሉ። እኔ ሙሽራ ነኝና ሁለት ወር ሙሉ እንዝርቴን ከማሾር በቀር ትንፍሽ አላልኩም። አንድ ቀን ወሬ ሁሉ አለቀባቸውና አማቴ ወደኔ ዞር ብለው፣ «አንቺ፣ እናንተ አገር ወሬ የለም እንዴ?» አሉኝ። ደነገጥኩ። የማወራው ባጣ አንድ አገር ፈጠርኩ።

አገሩ ከጣና ሥር ነው አልኩ። በሬዎቹ በቀንድ ፋንታ ክንፍ አላቸው፤ የሚያርሱትም ውሃውን ነው። እዚያ ጠብ የሚባል ነገር አይታወቅም፣ ልዝቦ የምትባል ዱቄት አለቻቸው። በሰባት ዓመት አንዴ፣ ከንጉሡ ጓሮ፣ አንድ ጭብጥ ብቻ ትገኛለች። ምላሱን የነካችው ሰው ጀምበር እስክትጠልቅ ክፉ ቃል አይወጣውም። ስሟን ከየት እንዳመጣሁት እስከ ዛሬ አላውቅም።

«ታዲያ ወደኛ አገር ብቅ አትልም?» አለች አንዷ።

«አልፎ አልፎ በወንዛዬ ፍል ውሃ በኩል ትንሽ ትወጣለች» አልኩ።

ጉድ ያፈላብኝ ይሄ ነው። ከሠርጌ በፊት ከእናቴ ጋር ወንዛዬ ፍል ውሃ ከርሜ እንደመጣሁ የማያውቅ አልነበረም።

ከኛ ማዶ፣ ውሃውን ተሻግሮ፣ በጠብ የታወቁ ባልና ሚስት ነበሩ። ሁለቱም ሃምሳን አልፈዋል። ጠባቸው ታንኳው የት ይታሰር ከሚል ይጀምርና በውሃው ላይ ጥርት ብሎ እኛ ዘንድ ይደርሳል። «አንተ የረጠበ ጭራሮ!» ትላለች እሷ። «አንቺ ክዳን የሌለሽ ድስት!» ይላል እሱ። ከብቶቻችን እንኳ ለምደውት ቀና አይሉም ነበር።

ወሬው በተወራ በማግስቱ ባልየው ታንኳቸውን ቀዝፈው መጡ። አማቴ ጓዳ መሆናቸውን አዩና ጠጋ ብለው፣ «ልጄ፣ ያቺን ነገር እስቲ ትንሽ ስጪኝ። ለላሜ ነው፤ ስትታለብ ትራገጣለች» አሉኝ።

«ጋሼ፣ እሷኮ ለሰው ናት።»

«እንግዲያው ለሰውም ለላምም የምትሆነውን ስጪኝ።»

ተረት ነው ብላቸው በትልቅ ሰው ያሾፍኩ እንዳይመስል ፈራሁ። እናቴ ከላከችልን፣ አቁማዳው ግርጌ ከቀረችው በሶ ትንሽ በጨርቅ ቋጠርኩላቸው። እንዳታጋልጠኝም ማሰሪያ አበጀሁላት፤ «ሰጪውም እስከ ማታ ክፉ መናገር የለበትም፤ ከተናገረ ትረክሳለች» አልኩ።

ከሰዓት በኋላ ደግሞ ሚስትየው ጥጥ ሊፈትሉ መጥተው ከሌሎቹ ቀደም ብለው ጆሮዬ ላይ ተለጠፉ። እሳቸው ላም አልጠሩም። «ለዚያ ለባሌ ነው» አሉ። ለእሳቸውም ቋጠርኩ፤ ማሰሪያውንም ነገርኳቸው።

ከዚያ በኋላ ማዶ ጸጥ አለ። አንድ ቀን፣ ሁለት ቀን። በሦስተኛው ቀን አማቴ፣ «ሰዎቹ ታመው ይሆናል» ብለው ባሌን ላኩት። ተመልሶ ሲመጣ ፊቱ ግራ ገብቶታል።

«ደኅና ናቸው፣ ግን ምን እንደነካቸው እንጃ። እሷ ‹አንቱ ይቅመሱ› ትላለች፤ እሱ ‹አንቺ ካልቀመስሽማ አልነካም የኔ እመቤት› ይላል። ወጡም ወጥ አይደለም፣ ገንፎ ሆኗል። ሁለቱም ‹እንዴት ይጣፍጣል› እያሉ ላባቸው እስኪወርድ ይበላሉ።»

እኔ ሳቄን ዋጥኩ።

በአራተኛው ቀን በአንድ ታንኳ አብረው መጡ። ሁለቱም ልዝቧቸው አልቃለች፤ ሁለቱም ‹ሰዎቹን ልጠይቅ› ተባብለው ነው የተነሡት። በር ላይ ቆመው እያዩኝ ይቁለጨለጫሉ፤ አንዱ ባንዱ ፊት መጠየቅ አልቻለም። ይኼኔ አማቴ ባዶ አቁማዳ ይዘው ከጓዳ ወጡ።

«ይቺ ልጅ በሶውን ለማን እየቋጠረች ጨረሰችው? በቀደም ለእርስዎ ስትሰጥዎ አይቻለሁ፤ ለሚስትዎም እንደዚሁ!»

ባልየው ወደ ሚስታቸው ዞሩ። «በሶ?»

«በሶ ነው ያበላኸኝ?» አሉ ሚስትየው።

«አንቺስ ምን አበላሽኝ?»

ከዚያ ቤቱ ተናወጠ። ጭራሮውም ድስቱም መጣ፤ የሦስት ቀኑ ሁሉ ባንዴ ወጣ። እኔ ከምሰሶው ጀርባ ቆሜ፣ አሁን ወደኔ ይዞራሉ፣ አባቴ ቤት መልሰው ይሰዱኛል እያልኩ እጠብቃለሁ። አማቴ መጀመሪያ ሊገላግሉ ሞከሩ፤ በኋላ አቁማዳውን አፋቸው ላይ አድርገው በሳቅ ተንፈራፈሩ።

ባልየው ድምፃቸው ሲሰልል ተቀመጡና፣ «እኔኮ አንቱ ስትይኝ ልትሞቺ ነው ብዬ ነበር» አሉ። «ሁለት ሌሊት አልተኛሁም።»

ሚስትየውም፣ «እኔም የኔ እመቤት ስትለኝ ሌላ ሚስት ልታመጣ መስሎኝ ነበር» አሉ።

እኔን አንድ ቃል ሳይናገሩኝ ተነሥተው ሄዱ። መሀል ውሃ ላይ መቅዘፊያውን ማን ይያዝ በሚል ሲጨቃጨቁ ሰማናቸው።

አማቴ ተረት ከለከሉኝ፤ ለቅጣትም ገብስ ቆልቼ በሶውን ዳግመኛ እንድፈጭ አደረጉኝ። ክልከላው ሦስት ቀን አልቆየም። ሴቶቹ እንዝርታቸውን አስቀምጠው፣ የዚያ አገር ንጉሥ ምን ሆነ እያሉ አላስፈትል አሏቸው። ከማዶ የመጡት ሚስትየው ነበሩ የበለጠ የሚጠይቁት።

አማቴ ተነፈሱና፣ «በይ ቀጥይላቸው» አሉኝ። «ግን የሚበላ ነገር አታግቢበት።»