አብረውት የተገኙ

ሰው በሚስቱ የሚቀናው ሌላ ወንድ አየብኝ ብሎ ነው። እኔ የቀናሁት በራሷ ነው። ወለል ስትጠርግ ከመጥረጊያዋ ጫፍ የደረቀ ቅጠል አንስታ፣ ወደ መስኮቱ ዞር ብላ በምታይበት ዓይኗ ቀናሁ። ማሳፈሩን አውቃለሁ። ግን የእሷን ነገር ሌላ ሰው ካወራው እኔን ደህና ሰው አድርጎ ነው የሚያወራው፤ ስለዚህ እኔው ልናገር።

ሁለታችንም የዕፅዋት ጥናት ጣቢያ ሠራተኞች ነን። ፎቁ ላይ የኃላፊው ቢሮ አለ፤ ምድር ቤቱ ቅጠል የሚደርቅበት ክፍል ነው። ከዱር የመጣ ቅርንጫፍ በጋዜጣ ተጠቅልሎ በሁለት ጣውላ መሃል ይገባል፣ በጠፍር ጥብቅ ተደርጎ ይታሰራል፣ ሲደርቅ በወፍራም ወረቀት ላይ በመርፌና በክር ይሰፋል። ጥጉ ላይ መግለጫ ይለጠፍበታል፦ ስሙ፣ የተገኘበት ቦታ፣ ቀኑ፣ ቀጥሎ «አብረውት የተገኙ» የሚል መስመር፣ ከዚያ ሰብሳቢው፣ መጨረሻ ላይ መርማሪው። መርማሪው ሳይፈርም ወረቀቱ መሳቢያ አይገባም። አሥራ ስምንት ዓመት የፈረምኩት እኔ ነኝ።

«አብረውት የተገኙ» የሚለው መስመር በእርሳስ ነው የሚጻፈው፤ መርማሪው ካመነበት ያርመዋል። እኔ ዘንድ ግን ባዶውን ነበር የሚያልፈው። የአንዱን ቅጠል ስም ለማወቅ ዓይኔ እየጠፋ፣ የጎረቤቶቹን ስም የምለቅምበት ጊዜ ከየት ይምጣ?

እሷን ያስገባኋት እኔው ነኝ። የፊተኛዋ ጽዳት ሠራተኛ ስትለቅ «ባለቤቴ እጇ ፈጣን ነው» ብዬ ኃላፊውን ለመንኳቸው። ይህን በየወሩ ለራሴ አስታውሰው ነበር፤ ሰው የገዛ እግሩን ሲመታ መጥረቢያውን ማን እንዳቀበለው ማስታወስ ይወዳል።

የጀመረው እንዲህ ነው። አንድ ቀን መግለጫው የጠፋበት ቅርንጫፍ ጠረጴዛዬ ላይ መጣ። ኃላፊው ከኋላዬ ቆመዋል። እኔ በአጉሊ መነጽር ሳገላብጠው ቆየሁና የደረቅ ኮረብታ ዛፍ ነው አልኩ። እሷ ጥግ ላይ የወደቀውን ፍርፋሪ እየሰበሰበች ነበር። ቀና ሳትል፣ ጋዜጣው እጥፋት ውስጥ የውሃ ዳር ሳር ፍሬ እንዳለ፣ ቅርፊቱም ላይ እርጥበት የሚወደው የዛፍ ሽበት እንጂ አቧራ እንደሌለ ተናገረች። ኃላፊው «እና?» አሏት።

«እናማ ጎረቤቱ የወንዝ ዳር ሰው ነው» አለች። «ይሄ ዛፍ ኮረብታ ላይ ብቻውን ምን ይሠራል? ብቻውን የሚበቅል ነገር የለም።»

ልክ ነበረች። በሳምንቱ ሰብሳቢው መጥቶ ከወንዝ ዳር እንደቆረጠው ተናገረ። ከዚያን ቀን ጀምሮ ስሟ «እትዬ ጎረቤት» ሆነ። የበሩ ጥበቃ እንኳ ጠዋት ሲያስገባን «እትዬ ጎረቤት ዛሬስ ከማን ጋር ነው የመጡት?» ይላታል፤ እሷ ወደ እኔ ትጠቁምና ትስቃለች። እኔም እስቃለሁ። ጥርስ ባዳ ነው ይባል የለም?

ዓመት ሳይሞላ መጥረጊያውን አስቀምጣ ሰብሳቢ ሆነች። ዱር ስንወርድ አራት ቀይ ችካል እንተክልና ዙሪያውን በገመድ አራት ማዕዘን እናጥራለን። እኔ ቆሜ እቆጥራለሁ፦ ከዚህ ይህን ያህል፣ ከዚያ ያን ያህል። እሷ በሆዷ ትተኛለች። ማን ማን ጥላ ሥር እንዳለ፣ ማን በማን ግንድ እንደተንጠለጠለ፣ ከየትኛው ዛፍ ሥር ሳር እንደማይበቅል ትጽፋለች። ሁሉም ለብርሃንና ለውሃ የሚሻማ ባላንጣ ነው እላታለሁ። ይሻማሉ ትለኛለች፣ ግን አንዳንዱ ሌላውን ከፀሐይ ይጋርደዋል፣ አንዳንዱም ሳይፈልግ ያሳድገዋል። ይህን ስትናገር ሣር ፀጉሯ ውስጥ ተሰክቶ ይቀራል። እኔ ሣሩን አነሳላታለሁ። ኃላፊው በቀን ስንት ጊዜ «እሷን ጠይቋት» እንደሚሉ መቁጠር ጀምሬ ነበር። አንድ ማክሰኞ ዘጠኝ ደረሰ። በዚያው ማክሰኞ አጉሊ መነጽሯን መሳቢያዬ ውስጥ ደበቅኩት፤ እሷም ሳትፈልገው ዋለች።

ከዚያ የዳገቱ ነገር መጣ። ከውሃ ማጠራቀሚያው በላይ ያለው ዳገት ወይራው ተጨፍጭፎ ካለቀ ቆይቷል። ሦስት ጊዜ ችግኝ ተተክሎ ሦስቴም በበጋ አለቀ። ኃላፊው ዳገቱን ለሁለት ከፈሉትና ግማሹን ለእኔ፣ ግማሹን ለእሷ፣ ስድሳ ስድሳ የወይራ ችግኝ ሰጡን። የመጀመሪያው ዝናብ ሲጥል በሕይወት ያለው ችግኝ ይቆጠራል፤ ብዙ ያተረፈው የዳገቱ ቡድን መሪ ይሆናል። አሥራ ስምንት ዓመት የጠበቅኩት ይህንን ነው። ከሰው ፊርማ ሥር መፈረም ሰልችቶኝ ነበር።

እኔ እንደ ደንቡ ሠራሁ። ደንቡ «የችግኝ ዙሪያ በአንድ ክንድ ይጽዳ» ይላል። አጋሙን፣ ቁጥቋጦውን ከነሥሩ ነቅዬ፣ መሬቱን እንደ ተላጨ ራስ አጸዳሁትና በገመድ መስመር ተከልኩ። ላየው ያምር ነበር። እሷ ከኃላፊው ፈቃድ ጠይቃ አንዲት ቁጥቋጦ ሳትነካ እያንዳንዱን ችግኝ አጋም ሥር ወሸቀችው። እጇ ሁሉ ተቧጨረ። እኔ እየሳቅኩ፣ አጋም የተጠጋ ቁልቋል ሁልጊዜ ሲያለቅስ ይኖራል አልኳት።

«ቁልቋሉ ያልቅስ» አለችኝ፤ «እኔ ወይራ ነው የተከልኩት።»

በጋው ገባ። የእኔዎቹ በየሳምንቱ ሦስት አራት እያሉ ቡናማ ሆኑ። ውሃ በጀርባዬ ተሸክሜ አጠጣኋቸው፤ ውሃው መሬቱን ነክቶ እልም ይላል። በተሰበረው አጥር የምትገባ ፍየል ደግሞ መስመሬን ጠብቃ፣ እንደ ተቀጠረች ሁሉ፣ ከአንዱ ወደ ሌላው ትሄዳለች። ሥር የያዙ ሃያ ሦስት ብቻ ቀሩኝ። የእሷ ሃምሳ ስምንት ነበሩ። አጋሙ ሥር ጎንበስ ብዬ አየሁ፤ አፈሩ ቀዝቃዛ ነው፣ ቅጠሉ አረንጓዴ፣ ፍየሏም አፍንጫዋን ተወግታ መመለሷ ከዱካዋ ይታያል። የዚያን ጊዜ የተሰማኝ አድናቆት ቢሆን ኖሮ ሌላ ሰው እሆን ነበር። ግን ቅናት ነበር።

እሑድ በቀትር እህቴን ልጠይቅ ነው ብዬ ከቤት ወጣሁ። ጥበቃው ምሳው ላይ ነበር። በማጭድ የአርባ ችግኝ አጋም ቆረጥኩ። ደንቡን እያስከበርኩ ነው እል ነበር ለራሴ፤ ደንብ ለማስከበር ግን ሰው ግራና ቀኝ እያየ አይሠራም። ቁጥቋጦውን ገደል ጨመርኩት። አሥራ ስምንቱ ሲቀሩኝ ክንዴ ዛለ፤ አንድ እሾህም ግራ መዳፌ ላይ ገብቶ ተሰበረ። ቤት ስገባ የነካሁት ነገር ሁሉ ያጣብቅ ነበር፤ የአጋም ወተት እንደዚያ ነው።

ሰኞ አየችው። ኃላፊው የቀን ሠራተኞች ደንቡን ተከትለው አጽድተውት ይሆናል አሏት። አልጮኸችም። ለችግኞቹ ፀሐዩን እንዲጋርድ ደረቅ ቅርንጫፍ ተሸክማ ትወጣ ጀመር፤ ማታ ደግሞ ድካሙ ሲበረታባት «ነገ ታግዘኛለህ?» አለችኝ። አገዝኳት። እኔ የቀበሮ ባሕታዊ፣ በቆረጥኩበት እጄ ቅርንጫፍ ተሸክሜ ሦስት ቀን ዳገት ወጣሁ። እሾሁ ወደ ውስጥ የዘለቀው ያኔ ነው።

በሁለት ሳምንት አርባውም አለቁ፤ ግማሹን ፀሐይ፣ ግማሹን ፍየሏ። የመጀመሪያው ዝናብ ጣለና ተቆጠረ፦ የእኔ ሃያ ሦስት፣ የእሷ አሥራ ስምንት። ኃላፊው ቁጥር ቁጥር ነው ብለው፣ ሰኞ በደብዳቤ እንደሚያሳውቁ ተናገሩ። እሷ በሰው ፊት እጄን ጨብጣ እንኳን ደስ አለህ አለችኝ። የጨበጠችው ያበጠውን መዳፍ ነበር፤ ሳላስበው አቃሰትኩ።

ከሰዓት በኋላ ቤት ስንገባ መስኮቱ ሥር አስቀመጠችኝና መርፌ በእሳት ለበለበች። ምን እንደወጋኝ ጠየቀችኝ። የጣቢያው በር ላይ ያለው ጽጌረዳ ነው አልኳት። ቆዳዬን ቀስ እያለች ከፈተች፤ እጇ ቅጠል በክር ስትሰፋ እንደሚሆነው የረጋ ነው። መጀመሪያ መግል ወጣ፣ ከዚያ ስብርባሪው። በጣቷ ጫፍ ይዛ ወደ ብርሃኑ አዞረችው። ያንን አዟዟር አውቀዋለሁ፤ ስንት ዓመት ቀንቼበታለሁ።

«የጽጌረዳ እሾህ ቆልማማ ነው» አለች። «ይሄ ቀጥ ያለ ነው።»

መዳፌን ልሰበስብ ስል አልለቀቀችኝም።

«አጋም ነው። የጣቢያው ግቢ ውስጥ አጋም የለም። ያንተን ዳገት አንተው ከሥሩ ነቅለህ ጨርሰኸዋል።» እሾሁን አገላበጠችው። «የእሑዱን ሸሚዝህን ሳጥብ እጅጌው ላይ ወተት ነበረ። እህትህ ግቢዋ ውስጥ ምን ዓይነት ዛፍ ተክላ ይሆን ብዬ ነበር።»

መዳፌን በንጹህ ጨርቅ አሰረችልኝ፤ ውሃ እንዳላስነካውም ነገረችኝ። እሾሁን ወረቀት ላይ አድርጋ አጠፈችው። ከዚያ ራት ሠራች፣ በላን፣ ሳህኑን አጠበች። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር፤ ስድብ መልስ አለው።

በማግሥቱ ጠዋት ጠረጴዛዬ ላይ ፊርማ የሚጠብቁ ሰባት ወረቀቶች ነበሩ። ሰባተኛው ወፍራሙ ወረቀት ላይ፣ መሃሉ ላይ፣ የጥፍር ቁራጭ የምታክል እሾህ በሁለት ክር ተሰፍታለች። መግለጫው በእሷ ጽሕፈት ተሞልቷል።

ስም፦ አጋም። የተገኘበት ቦታ፦ የባለቤቴ ግራ መዳፍ። ቀን፦ የትናንት። ሰብሳቢ፦ የእሷ ፊርማ።

«አብረውት የተገኙ» በሚለው መስመር ላይ በእርሳስ «ብቻውን» ብላለች።

ያንን መስመር በዚያ ቃል ሞልታ አታውቅም። ድንጋይ ስንጥቅ ውስጥ ለበቀለ ሣር እንኳ የድንጋዩን ሽበት ትጽፍለት ነበር። ቀና ብዬ አየኋት። በክፍሉ ሌላኛው ጫፍ ላይ ጣውላ በጠፍር እያሰረች ነው፤ ጀርባዋን ሰጥታኛለች። ላጲሱ እጄ ሥር ነው፤ ማረም የመርማሪው መብት ነው። ምን ብዬ ላርመው? «ሚስቱ» ብዬ ልጻፍ? እርሳሱን አንስቼ አስቀመጥኩት። ወረቀቱን ቀድጄ ብጥለው ሰኞ ደብዳቤው ይደርሰኛል፤ አሥራ ስምንት ዓመት የጠበቅኩት ነገር በእጄ ይገባል። የሚያውቀው ሌላ ሰው የለም። እሷም እንደማትናገር አውቃለሁ፤ ብትፈልግ ኖሮ ከእኔ ጠረጴዛ በፊት ደረጃውን ትወጣ ነበር።

መርማሪ በሚለው ቦታ ፈረምኩ። ወረቀቱን ይዤ ደረጃውን ወጣሁ።

ኃላፊው መግለጫውን ሁለት ጊዜ አነበቡት። ተናግሬ ስጨርስ መዝገቡን ጎተቱ፤ አርባውን በአንድ በኩል፣ አሥራ ስምንቱን በሌላ በኩል ጻፉ። «ከእሑዱ ወዲህ አጋሙ ካለበት አንድም አልሞተም። አጋሙ ከተነሳበት አንድም አልተረፈም» አሉ፤ ወደ እኔ ሳይሆን ወደ መዝገቡ። «ሳታውቀው ጥናቷን ጨረስክላት።»

ዳገቱን የያዘችው እሷ ናት። እኔ ማስጠንቀቂያ ተጽፎልኝ ከመርማሪነት ተነስቼ የገመዱን አንድ ጫፍ እይዝላታለሁ። ሥራ ላይ ታናግረኛለች፤ ቤትም ታናግረኛለች፤ ምሳ ይሞቅልህ ወይ ትለኛለች። ወይራው አሁን ከአጋሙ በላይ ብቅ ብሏል፣ ሰው ሁሉ እየመጣ ያያል፣ እሷም ያንኑ «ብቻውን የሚበቅል ነገር የለም» የምትለውን ትነግራቸዋለች። አሁንም እቀናለሁ፤ ውሸት ምን ያደርግልኛል? ከሁሉ በላይ የምቀናው ግን በዛፎቹ ነው፤ ጎረቤታቸውን አንድ በአንድ ትጽፍላቸዋለች።

እሾኋ መሳቢያው ውስጥ አለች፤ ከአጋሞቹ መሃል። ማታ ማታ ክፍሉን ከመቆለፌ በፊት አወጣና አያታለሁ። «ብቻውን» በእርሳስ ነው የተጻፈው፤ ላጲስ ደግሞ በጠረጴዛዋ ላይ ሞልቷል። እስካሁን አላጠፋችውም።