የሙክቱ ወለድ

ካሳሁን የገዛ ሳሎኑ ውስጥ የሚገባው ቅዳሜ ቅዳሜ ብቻ ነበር። ጫማውን በር ላይ አውልቆ ይገባል፣ መስኮቱን በእርጥብ ጨርቅ ይወለውላል፣ ወለሉን ይጠርጋል፣ ከዚያ ወጥቶ ይቆልፋል። ቁልፉ የሚንጠለጠለው ጓዳ ውስጥ፣ ከወንፊቱ ጎን ካለው ሚስማር ላይ ነው። እሱና ባለቤቱ የሺወርቅ የሚኖሩት ከኋላ በኩል ባሉት መኝታ ቤትና ጓዳ ነበር። ልጃቸው ትጊ አግብታ ሱሉልታ ከገባች ወዲህ፣ ልትጠይቃቸው ስትመጣ ከሽንኩርቱ ቅርጫት አጠገብ በርጩማ ላይ ነው የምትቀመጠው። ሳሎኑ ግን ሰፊ ነው፤ ብርሃን አለው፤ በሁለት ተካፋች በሩ ሰበታን አቋርጦ ወደ ጅማ የሚወስደውን መንገድ ያያል። ጎረቤቱ ሁሉ ለክቡር እንግዳ የተቀመጠ ይመስለው ነበር።

ሳሎኑ የተቀመጠው ለባንኩ ነው።

ነገሩ የሚጀምረው ከሩቅ ነው። ካሳሁን የተወለደው ደብረ ሲና ሲሆን፣ ገና የአምስት ዓመት ልጅ ሳለ አባቱ ታመው ከአንድ የጨው ነጋዴ ሦስት መቶ ብር ተበደሩ። ያለቻቸውን የቆርቆሮ ቤትም ወለድ አገድ ሰጡ። ወለድ አገድ ማለት አበዳሪው ቤቱን ይዞ ይገለገልበታል፣ በዚያ ፈንታ በብሩ ላይ ወለድ አይቆጥርም፤ ተበዳሪው የወሰደውን ያህል በመለሰ ቀን ቤቱን ይረከባል። ነጋዴው ሦስት ዓመት ኖረባት። አባቱ ሦስት መቶውን ብር ሲመልሱ ዕቃውን በሁለት በቅሎ ጭኖ ወጣ፤ ራሱ ያስገባውን አዲስ በር እንኳ አልነቀለም። ካሳሁን ስለ ብድር የሚያውቀው ይህንኑ ነበር፤ የሚበቃም መስሎት ኖረ።

ካደገ በኋላ ሰበታ መጥቶ ጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካ ገባ፤ የሽመና መኪና ይጠግናል። የሺወርቅ ገበያ ላይ ቅመም ትሸጣለች። ጥር 2010 ላይ ይህንን ቤት በአምስት መቶ ሃምሳ ሺህ ብር ሲገዙ መቶ ሃምሳው የራሳቸው ነበር። አራት መቶውን ባንክ አበደራቸው። የሺወርቅ በዕድሜ ስለምታንሰውና የንግድ ፈቃድ ስላላት ባንኩ ውሉን ሁለቱም እንዲፈርሙ ጠየቀ።

«ቤቱ ለባንኩ ይታገዳል» አላቸው በዚያ ቀን ያስፈረማቸው ሠራተኛ።

ካሳሁን «ይታገዳል» የሚለውን ሲሰማ ልቡ አረፈ። ለማረጋገጥ ያህል ብቻ፣ «ወለዱስ?» አለ።

«ወለዱ ውስጡ ነው» አለ ሠራተኛው። በየወሩ ከሚከፈለው ብር ውስጥ ማለቱ ነበር።

ለካሳሁን ግን ውስጡ ነው ማለት ተዘግቶበታል ማለት መሰለው፤ ጥጃው በረት ውስጥ ነው እንደሚባለው። ክፍያው እስከ ሃያ ዓመት ነው ሲሉትም፣ አባቱ ቤታቸውን ለማስመለስ የአምስት ዓመት ገደብ ብቻ እንደነበራቸው አስታወሰና፣ እነዚህስ ደጎች ናቸው አለ በልቡ። ከዚያ ፈረመ።

ግር ያለው አንድ ነገር ብቻ ነው። ባንኩ መጥቶ አልገባበትም። ካሳሁን ብዙ አወጣ አወረደና፣ የራሱ ፎቅ ስላለው ነው ብሎ ደመደመ። ቢሆንም ሌላ ሰው በያዘው ቤት ውስጥ እንደ ልብ መንፈላሰስ ነውር ነው። ስለዚህ የተሻለውን ክፍል ለባንኩ ተወለት። የሺወርቅ በመጀመሪያው ወር ተጨቃጨቀች፣ በሁለተኛው ወር ተወችው፣ ከሦስተኛው ጀምሮ መቀለጃ አደረገችው።

«ዛሬም አልመጣም?» ትለዋለች ቅዳሜ ጨርቁን ይዞ ሲወጣ። ክረምት ሲሆን ደግሞ፣ «እስቲ ባንኩን ለምንልኝ፣ በርበሬዬን አንድ ቀን ላስጣበት።»

ቤቱም አልተመረቀም። ካሳሁን እግዱ ይነሳና ያን ጊዜ ወግ ባለው ድግስ እናስመርቀዋለን ይል ነበር። በየወሩ የሚከፍለው አምስት ሺህ ሁለት መቶ ስልሳ ሰባት ብር ነው። አንድም ወር አላሳለፈም። ግንቦት 2016 ላይ የከፈለው ሁሉ ተደምሮ አራት መቶ ሺህ ሞላ፤ በጊዜውም ሞላ፣ ምክንያቱም ጡረታ ሊወጣ የቀረው ሁለት ዓመት ነበር። ደመወዙ የቆመ ቀን ዕዳው ካላለቀ፣ በጡረታ ብርና በቅመም ያንን ክፍያ መቀጠል የሚታሰብ አልነበረም።

ቅዳሜ ዕለት ተጂ ገበያ ወርዶ የደለበ ሙክት ገዛ። ለመጪው ሳምንት እሑድም ጎረቤት ጠራ። ሰኞ ጠዋት ኮቱን ለብሶ ባንክ ሄደ።

የተቀበለው አጵሎስ የሚባል፣ ድምፁ ዝግ ያለ አዲስ ሠራተኛ ነው።

«ዕዳዬን ጨርሻለሁ» አለው ካሳሁን። «እግዱን እንድታነሱልኝ ነው የመጣሁት።»

አጵሎስ የብድሩን ቁጥር ኮምፒውተሩ ላይ መታ። ጠበቀ። እንደገና መታ።

«አባባ፣ ቀሪ ዕዳዎ ሦስት መቶ ስልሳ ስድስት ሺህ ይላል።»

«የማን?»

«የእርስዎ።»

«ስሜን አይተሃል?»

አጵሎስ ስሙን እስከ አያቱ አነበበለት። ካሳሁን መነጽሩን አወለቀ፣ በኮቱ ጫፍ ጠረገና መልሶ አደረገ።

«ልጄ፣ የወሰድኩት አራት መቶ ሺህ ነው። አራት መቶ ሺህ መልሻለሁ።»

«ልክ ነው፣ ከፍለዋል። አንድ ወር እንኳ አላዛነፉም።»

«ታዲያ ይሄ ሦስት መቶ ስልሳ ስድስት ሺህ ከየት መጣ?»

«አልሄደም እኮ አባባ። እዚያው ነው ያለው።»

አጵሎስ ወንበሩን ጠጋ አደረገና ከመጀመሪያው ወር ጀምሮ አስረዳው። ወለዱ በዓመት ከመቶ አሥራ አምስት ነው። በአራት መቶ ሺህ ላይ የአንድ ወሩ ወለድ ብቻ አምስት ሺህ ብር ይሆናል። «ስለዚህ በመጀመሪያው ወር ከከፈሉት ውስጥ አምስት ሺው ለወለድ ሄደ። ከዋናው ዕዳ የተቀነሰው ሁለት መቶ ስልሳ ሰባቱ ነው። በሁለተኛው ወር ደግሞ ወለዱ የሚታሰበው በቀረው ላይ ነው። የሚቀንሰው ከፍ እያለ ይሄዳል፤ ግን መጀመሪያ ላይ በጣም በዝግታ ነው።»

ካሳሁን ሁለት መቶ ስልሳ ሰባቷን ያውቃታል። ስድስት ዓመት ሙሉ ከክፍያው ጫፍ ላይ የተንጠለጠለች ሽርፍራፊ ትመስለው ነበር።

«እስከ መጨረሻው ብሄድ ስንት እከፍላለሁ?»

«በጠቅላላው አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ስልሳ አራት ሺህ ገደማ።»

«ለአራት መቶው ሺህ?»

«ለአራት መቶው ሺህና ለሃያ ዓመቱ።»

«ወለዱ ታግዶ አልነበረም እንዴ?»

«የታገደው ቤቱ ነው አባባ። ወለዱማ…» አጵሎስ ቃል ፈለገ። «ወለዱ ነፃ ነው።»

ካሳሁን ዕድሜውን አሰላ። አሁን ሃምሳ ስምንት ነው። ሲጨርስ ሰባ ሁለት ይሆናል። ሰባ ሁለት ዓመት ሞልቶት የሽመና መኪና ሥር የሚተኛ ሰው አይቶ አያውቅም።

«የሚያሳጥርልኝ ነገር የለም?»

«አለ። ከወር ክፍያዎ ውጪ የሚከፍሉት ካለ በቀጥታ ከዋናው ላይ ይነሳል። ዋናው ሲያንስ ወለዱም ያንሳል። አሁን በእጅዎ ትርፍ ነገር ይኖራል?»

ካሳሁን አሰበ። «በግ አለኝ።»

«ስንት ያወጣል?»

«አረፋ እየደረሰ ስለሆነ አሥራ ሁለት ሺህ አያጣም። ሙክት ነው።»

አጵሎስ አልሳቀም። አሥራ ሁለት ሺህ ብሎ መታ። «ከመጨረሻው የአሥራ ስድስት ወር ክፍያ ይቀንስልዎታል።»

«አንድ በግ?»

«አንድ በግ። ግን ‹ከዋናው ዕዳ ይቀነስልኝ› ብለው በጽሑፍ ያመልክቱ። አለዚያ የሚመጡት ወራት ክፍያ ተብሎ ይያዝብዎታል፤ ያ ደግሞ ብዙም አይጠቅምዎትም።»

ቤቱ ሲደርስ የሺወርቅ ኮረሪማ እየፈለፈለች ነበር። በጉ ከውኃ በርሜሉ ጋር ታስሮ ያመሰኳል።

«አነሱት?»

«አላነሱትም» አለና የሰማውን ሁሉ እንደሰማው ነገራት። አላቋረጠችውም። ሲጨርስ ኮረሪማውን ወደ ጎን ገፋች።

«እስቲ የበጉን ድገምልኝ።»

ደገመላት።

«የተቀጠቀጠ በግ አሥራ ስድስት ወር ወለደ?»

«ባንክ ሲገባ ነው።»

«የጠራነውን ሰውስ ምን እናበላዋለን?»

«ሽሮ።»

«በበዓለ ሃምሳ? ለቤት ምርቃት?»

«አንድ እግሩ እኮ አራት ወር ነው የሺ።»

የሺወርቅ በጉን አየችው። በጉም አያት። «ከድሩን ጥራው» አለች።

ከድሩ ከእነሱ ሁለት በር አለፍ ብሎ ቀለምና ሲሚንቶ የሚሸጥ ጎረቤታቸው ነው፤ ለአረፋ የሚያርደው ፍለጋ ላይ ነበር። መጣና የበጉን ላት መዘነ፣ ወገቡን ጨበጥ አደረገ።

«ስንት ትለኛለህ?»

«አሥራ ሁለት።»

«ቅዳሜ ስንት ገዛኸው?»

«አሥራ አንድ።»

«በሁለት ቀን አንድ ሺህ? ምን ሆነ?»

«ወለደ» አለች የሺወርቅ።

ከድሩ ጎንበስ ብሎ በጉን ከሥር አየው፣ ከዚያ ሁለቱን አየ። ካሳሁን ታሪኩን ነገረው። ከድሩ አንገቱን እየነቀነቀ ሰማ።

«ለመሆኑ ቤቱን ስንት ነው የገዛኸው?»

«አምስት መቶ ሃምሳ ሺህ።»

«እሱ ሻጩ የተቀበለው ነው። አንተ እኮ መቶ ሃምሳህን ሰጥተህ፣ ለባንኩ ደግሞ አንድ ሚሊዮን ሁለት መቶ ስልሳ አራት ልትሰጥ ነው። በአንድ ሚሊዮን አራት መቶ አሥራ አራት ሺህ ነው የገዛኸው።»

«ሻጩ ይህን ቢለኝ ጥዬው እሄድ ነበር።»

«ለዚያ ነዋ። እኛ ወለድ ስለማንነካ፣ በዱቤ ስንሸጥ ጠቅላላውን በአንድ ጊዜ ነው የምንናገረው። የሚደነግጥ ሰው ሱቅ ውስጥ እያለ ይደነግጣል።» ከድሩ ይህን እያለ በሳሎኑ መስኮት ወደ ውስጥ አየ። ባዶ ወለል፣ ንጹሕ ግድግዳ። «ይሄንን ክፍል ምነው ዘጋኸው?»

«የባንኩ ነው።»

ከድሩ «ይከፍላል?» አለ።

«አይከፍልም።»

«እንግዲያው እኔ ልክፈልበት። ለቀለም መጋዘን አጥቻለሁ። በወር አራት ሺህ።»

ካሳሁን በማግሥቱ የበጉን ብርና ማመልከቻውን ይዞ አጵሎስ ዘንድ ተመለሰ። ማከራየት እንደማይከለከል ጠይቆ ተረዳ። ኪራዩ በየወሩ ከክፍያው በላይ ከዋናው ዕዳ ላይ ቢገባ ምን እንደሚሆንም ጠየቀ። አጵሎስ መታና፣ «አራት ዓመት ከመንፈቅ ቢሆን ነው» አለው። ስልሳ ሦስት ዓመት ሳይሞላው ማለት ነው። ፋብሪካው ጡረታ የወጣ መካኒክ በኮንትራት ሁለት ሦስት ዓመት ያቆያል። እስከዚያ ይደረሳል። ካሳሁን ሊወጣ ሲል በር ላይ ቆመና፣ ሳሎኑ ባዶውን ስድስት ዓመት እንዳደረ አስታወሰ። ያንን ግን አስላልኝ አላለም።

እሑድ እንግዶቹ መጡ። ሳሎኑ ለመጀመሪያ ጊዜ ለሰው ተከፈተ፤ ከድሩ ካመጣው አግዳሚ ላይ ተቀመጡበት፤ ሽሮና ምስር ቀረበ። ከፋብሪካ የመጣ አንድ ባልደረባው ትሪውን ተመልክቶ፣ «ጾም ገባ እንዴ?» አለ።

«ለኛ ገብቷል» አለች የሺወርቅ። «አራት ዓመት ከመንፈቅ ነው።»

የሚመርቁት አዛውንቷ ጎረቤታቸው አዴ ዱርሲቱ ናቸው፤ ሰፈሩ ውስጥ በዕድሜ የሚበልጣቸው የለም። ነገሩን ሰምተዋል። ከዘራቸውን ተደግፈው ተነሡ።

«አካም ጅርታ፣ ካሳሁን?» ብለው በኦሮምኛ ደህንነቱን ጠየቁት። «የናንተ የሆነው የቱ ጋ ነው? እሱን ልመርቅ።»

ካሳሁን የራሳቸውን መቶ ሃምሳ፣ እስካሁን ከዋናው የተነሳውን፣ የበጉንም ጨምሮ በልቡ ደመረ። የቤቱ ዋጋ ሲሶ አለፍ ይላል። «ጓዳው የኛ ነው አዴ» አለ። «ከመኝታ ቤቱም እስከ አልጋው ድረስ።»

አዴ ዱርሲቱ ወደ ጓዳ አለፉ። ወንፊቱ ፊት ቆመው እጃቸውን ዘረጉ። «ሆራ ቡላ» አሉ፤ ተባዙ፣ ኑሩ ማለታቸው ነው።

«ብድሩን ሳይጨምር» አለች የሺወርቅ ቀስ ብላ።

«ብድሩን ሳይጨምር» ብለው አዴ ዱርሲቱ ምርቃቱ ውስጥ አስገቡት፤ እንግዳው ሁሉ አሜን አለ። «የሳሎኑን ሲያልቅ እመጣለሁ» አሉ። ሰማንያ አንድ ዓመታቸው ነው።

ሰኞ የከድሩ ጋሪ እየተመላለሰ ሳሎኑን በቀለም ጣሳ ሞላው። የሺወርቅ በርበሬዋን እያገላበጠች ስታይ ቆየች።

«በመጨረሻ ባንኩ ገባ» አለች።

በሚቀጥለው ቅዳሜ ካሳሁን እንደልማዱ ጨርቁን አርጥቦ ወደ ሳሎኑ ሄደ። ተቆልፏል። ቁልፉ ከድሩ ጋ ነው። ጥቂት ቆመ፤ ከዚያ ተመልሶ የጓዳውን መስኮት ወለወለ።