የአሻጋሪው ሚስትና የወንድሜ የስንብት ደብዳቤ

ልጅ ሳለሁ፣ ሐይቅ ዳር ባለችው ከተማችን፣ አዲስ ከተማ በሚባለው ሰፈር ውስጥ ከእኛ ጋር በአንድ ግቢ ተከራይተው የሚኖሩ አባባ ዱካሞ የሚባሉ ዓሣ አስጋሪ ነበሩ፤ ከራት በፊት በኩራዝ ብርሃን የተቀደደ መረባቸውን እየጠገኑ ተረት ይነግሩን ነበር። ደንባቸው አንድ ነው፤ ልጆች የመረቡን ጫፍ ወጥረን እንይዛለን፣ የአንዳችን እጅ ከላላ ተረቱ እዚያው ይቆማል። ያኔ እኔ አርፎ መቀመጥ የማይሆንልኝ ልጅ ስለነበርኩ፣ የኩራዙ ጢስ ዓይኔ ውስጥ ሲገባ ወይም ትንኝ ስትነክሰኝ ዘልዬ እየተነሳሁ ስንቱን ተረት እንዳስቋረጥኩ፣ የግቢው ልጆችም ስንቴ እንደቆነጠጡኝ አልነግራችሁም።

አንዱን ግን እስከ መጨረሻው ሰምቼዋለሁ። አንድ ባላባት በታንኳ ሐይቁን የሚያሻግረው ሠራተኛ ነበረው። ከሚከፈለው እህል ላይ በየዓመቱ አንድ ቁና እየተነሳ በባላባቱ ጎተራ ይቀመጥለታል፣ ለእርጅናው። ታዲያ አንድ ቀን ይጣሉና አሻጋሪው ይባረራል፤ ብዙም ሳይቆይ ይሞታል። ሚስቱ ወደ ጎተራው ስትሄድ ዘበኞቹ «የተባረረ ሰው ሚስት ምን ልትይ መጣሽ?» አሏት። እሷም «ሰውዬው ተባረረ፤ እህሉም አብሮ ተባረረ እንዴ?» አለቻቸው፤ አስሰፍራም ወሰደች።

«አባባ፣ አላፈረችም?» ብዬ ጮህኩ።

«አፈረች እንጂ» አሉኝ ከመረባቸው ቀና ሳይሉ። «እያፈረች ሄደች።»

ያ ተረት ስንት ዓመት ውስጤ ተኝቶ ከርሞ የተነሳው በወንድሜ በተስፋዬ ነው። ተስፋዬ በአንድ የመንግሥት መሥሪያ ቤት ንብረት ክፍል አሥራ ሰባት ዓመት ሠርቶ፣ ከአለቃው ጋር ተጣላ፣ ተናዶም ሥራ ሳይገባ ሰነበተና ተባረረ። ዓመት ሳይሞላው ታሞ ሞተብን። በቀብሩ ላይ የሕይወት ታሪኩ ሲነበብ «በአለቆቻቸው እንደተመሰገኑ በገዛ ፈቃዳቸው ሥራ ለቀቁ» ተባለ። ያስጻፍኩት እኔው ነኝ! ሦስተኛ ክፍል ያልጨረስኩ ሴትዮ፣ የጎረቤት ተማሪ አስቀምጬ «እንዲህ በል፣ ይኼንንም ጨምር» እያልኩ።

ባለቤቱ አስቴር ሁለት ልጆች ይዛ ቀረች። የሰው ልብስ እያጠበች፣ የትልቋን የትምህርት ቤት ወጪ አልችል ብላ ስትጨነቅ አያለሁ። አንድ ቀን አሞራ ገደል፣ በምሠራበት የዓሣ ገበያ፣ ዓሣ እየገፈፍኩ ይኼንኑ ለደንበኛዬ አወራኋት፤ የቢሮ ሠራተኛ ናት። «ከአሥር ዓመት በላይ ካገለገለ እኮ ቢባረርም አገልግሎቱ አይጠፋም፤ ለሚስቱና ለልጆቹ ጡረታ ይጠየቃል። ጊዜው ሳያልፍባችሁ ፍጠኑ» አለችኝ። ቢላዋዬን ጥዬ፣ የሴትዮዋን ዓሣ ግማሹን ሳልገፍፍ፣ በባጃጅ ወደ አስቴር ከነፍኩ።

አስቴር የስንብት ደብዳቤውን ፍራሽ ሥር ደብቃው ነበር። «እትዬ፣ ይቅርብኝ» አለች። «ቀበሌ ሚስቱ መሆኔን የሚያውቁ ሦስት ምስክር ይፈልጋል። ከመፈረማቸው በፊት ማመልከቻው ይነበብላቸዋል፣ ተባሮ እንደነበር ይሰማሉ። የምለምናቸው የእድሩ ሰዎች ደግሞ እርስዎ ያስጻፉትን የሰሙ ናቸው። በምን ዓይኔ ልያቸው?»

ሦስት ቀን ቁጭ ብድግ አልኩ። እሑድ የእድሩ ስብሰባ ላይ አስቴርን ጎትቼ ይዣት ሄድኩና ተነሳሁ። ከአሞራ ገደል አስፋልት ድረስ የሚሰማው ድምፄ ያን ቀን የጫጩት ሆነ። «በወንድሜ ታሪክ ላይ ዋሽቻለሁ» አልኩ። «ተባሮ ነው። አስቴር የለችበትም፣ የእኔ ሥራ ነው። አሁን ለልጆቹ ጡረታ ምስክር ቸግሮናል።»

የእድሩ ሰብሳቢ ጋሽ ከድር፣ ባለሱቁ፣ መነጽራቸውን አወለቁ። «አንቺ ሴት፣ ይኼን የማያውቅ አለ እንዴ? በተባረረ ማግሥት ሱቄ በረንዳ ላይ ተቀምጦ ራሱ ነግሮኛል። የቀብሩ ቀን ‹በአለቆቻቸው እንደተመሰገኑ› ሲባል ሳቄን ስንት ታግዬ እንደያዝኩት!»

ስብሰባው በሳቅ ፈነዳ። እኔም ሳቅሁ፤ አስቴር ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጥላ ትሳቅ ታልቅስ አልለየሁም። ሦስት ምስክር ለምነን አምስት እጅ ወጣ።

ከዚያማ ማኅተም፣ ፎቶኮፒ፣ «ነገ ተመለሱ»። ስንቴ ተመላለስን! ያንን ሁሉ ደረጃ ስወጣና ስወርድ የልጅነቴ ተረት ጉልበት ሆነኝ፤ ያኔ ጀግና ማለት የማያፍር ሰው ይመስለኝ ነበር።

ጡረታው የተፈቀደ ቀን ወረቀቱን ያነበበችልን ትልቋ ልጅ ናት። መሃል ላይ ቆመች። «አክስቴ፣ አባቴ ተባሮ ነበር?»

አስቴር እኔን አየችኝ።

«አዎ» አልኳት። «ተጣልቶ፣ ሥራም ቀርቶ ተባረረ። አሥራ ሰባት ዓመት ደግሞ በሚገባ ሠርቷል። ለእናንተ የተረፈው ይኼኛው ነው።»

ልጅቷ ወረቀቱን እስከ መጨረሻው አነበበችው። ከዚያ ወዲህ ስለ አባቷ በጠየቀችኝ ቁጥር ምንም ሳልቀንስ፣ ምንም ሳልጨምር እነግራታለሁ፤ ለእኔ ቢጤዋ አለመጨመር እንዴት እንደሚከብድ ግን የማውቀው እኔ ነኝ።