ሃምሳ አለቃ ይርሳውና ዕድሜያቸውን የጨመሩ ልጆች

በገንዳ ውሃ መናኸሪያ በር አጠገብ ጎማ ይጠግኑ የነበሩት ሃምሳ አለቃ ይርሳው ከዚህ ዓለም ድካም ዐርፈዋል። ሽንፋ ያላችሁ፣ ገለጉ ያላችሁ፣ ወደ ደጋ የተመለሳችሁ፣ መንገዱ ተዘግቶባችሁ ለቀብር አልደረሳችሁምና ማንም አይቀየማችሁም። እርሳቸውም ቂም አያውቁም ነበር። በቀትር፣ የውስጥ ጎማ በግማሽ በርሜል ውኃ ነክረው፣ ጆሯቸውን አዘንብለው የሚወጣውን አረፋ ሲጠብቁ ቀስ ብለው ግድግዳውን ተደገፉ፤ ከዚያ አልተነሡም። ጎማው የእኔ ነበር።

እኔ ሹፌሩ ጌትነት ነኝ። «ጨማሪው» ካልተባለ ግማሻችሁ ማን እንደሆንሁ አታውቁም። በመተማ ቆላ ሚያዝያ ሲገባ ዶሮ የምትጥለው የተቀቀለ እንቁላል ነው ብዬ በመሃላ የተናገርሁት እኔ ነኝ። ያን ቀን ሃምሳ አለቃ መፍቻቸውን አስቀምጠው፣ በፍጹም ቁም ነገር፣ «ጨው አለው ወይስ ከውጭ ነው የሚጨመርበት?» ብለው ጠየቁኝ። ስለ እርሳቸው እንድጽፍ ስትመርጡኝ ግን ምን ብጨምር እንደሚያምር ጠፋኝ። ሰውየው እንደነበሩ ሞልተው ነበር።

በፖሊስነት ብዙ ዘመን አገልግለው በጡረታ እንደወጡ ታውቃላችሁ። ጎሚስታውን የከፈቱት ግን ለጎማ ብቻ አልነበረም። ሕጉ፣ እርሳቸው ደጋግመው እንደነገሩን፣ ልጅ ሲከሰስ ለወላጁ ወይም ለዘመዱ ይሰጥ፣ ዘመድ ከሌለው አንድ የታመነ ሰው ይረከበውና በቀጠሮው ቀን ያቅርበው ይላል። የእኛ አገር ተከሳሽ ልጅ ዘመዱ ደጋ ነው። ለሰሊጥ አረምና ለአጨዳ ብቻውን የወረደ፣ እኛ ሳሉግ የምንለው የቀን ሠራተኛ ነው። የታመነ ሰው ሲፈለግ ደግሞ ከተማው በሙሉ ጫማውን ያስራል። አንድ ሃምሳ አለቃ ብቻ ናቸው እጃቸውን በነዳጅ ታጥበው «እኔ አለሁ» የሚሉት። የተረከቧቸውን ልጆች ጎማ ያስፈቱ ነበር። ጎማ ጠግነው ሲጨርሱ «ተማም!» ይላሉ፣ ከሱዳኖቹ ጋር ሲሠሩ የለመዷት ቃል ናት፤ «አለቀ፣ ደህና ሆነ» ማለት ነው። ልጁን ግን ዘመዱ መጥቶ እስኪወስደው ድረስ «ተማም» አይሉትም። «ገና ነው፤ አየር ያወጣል» ነበር የሚሉት።

አንድ ነገር ያንገበግባቸው ነበር። እነዚህ ልጆች ዕድሜ ይጨምራሉ። ልጅ ነው ከተባለ ቀጣሪ ወይ ይመልሰዋል፣ ወይ በግማሽ ዋጋ ያሠራዋል፤ ስለዚህ ገና ሳይወርድ «ሃያ» ማለትን ያጠናል። ከአይሱዙዬ ኋላ ሆነው «ስንት ዓመትህ ነው?» «ሃያ!» እየተባባሉ እንደ ዳዊት ሲደግሙ ሰምቻለሁ። አንዱማ ድምፁ ቀጥኖ «ሃያ» ሲል ጓደኞቹ «በሆድህ ተናገር እንጂ!» ብለው ገሠጹት። እኔ ስቄ ነበር። ሃምሳ አለቃ ስነግራቸው አልሳቁም።

«ጌትነት፣ እዚህ ሲያዝም ያንኑ ነው የሚለው» አሉኝ። «ፖሊስ ሲጮኽበት አፉ የለመደውን ያወጣል። ሃያ ያለ ልጅ ከአዋቂ ክፍል ይገባል። ለእንጀራው ያበጃት ቃል ራሷ በሩን ትዘጋበታለች።»

ስለዚህ ጠዋት ጠዋት ዳቦና ውኃ ይዘው ወደ ጣቢያው ይሄዱ ነበር። ሲገቡ ዕድሜ አይጠይቁም። «እስቲ ልጄ፣ የወተት ጥርስህን ጣሪያ ላይ ስትወረውር አብሮህ የነበረው ማነው?» ይላሉ። አዋቂ ሲጠየቅ «ሽማግሌው ጃጁ» ብሎ ይስቃል። ልጅ ግን ይመልሳል። ማን አጠገቡ እንደቆመ፣ ጥርሱ የት እንዳረፈ፣ ሳይታወቀው ዘርዝሮ ይነግራቸዋል። ከዚያ በኋላ ነው ሃምሳ አለቃ ባርኔጣቸውን አንሥተው ወደ መርማሪው የሚሄዱት፤ «ይኼን ልጅ ለሐኪም አሳዩልኝ» ብለው።

ሁሉ ጊዜ አልተሳካላቸውም። ይህን መደበቅ እርሳቸውን ማሳነስ ነው። ሞላ የሚባል አንድ ልጅ ነበር፤ ስለ ጥርሱ ሲጠየቅም፣ ዳኛ ፊት ሲቀርብም «ሃያ ነኝ» ብሎ ድርቅ አለ። ሰው እያገቱ ገንዘብ የሚጠይቁ ሰዎች የታሰሩበት ክፍል ውስጥ ከረመ። እነሱም ወጡ፣ እሱም ወጣ።

ከዚያ በኋላ አንድ ቀን በጠራራ ፀሐይ ከጎንደር ጭኜ ስወርድ ታጣቂዎች መንገድ ላይ አስቆሙኝ። «ውረድ!» ያለኝ ፊቱን በሻሽ የጠቀለለው ነበር። ድምፁ ገና መጎርነኑን አልጨረሰም። ወረድሁ። ይህን ስጽፍ አንዲት ነገር አልጨመርሁም። ልጁ መኪናውን ዞሮ ሲያይ የፊት ጎማው ላይ ያለችው ልጥፍ ላይ ቆመ።

«ይኼን የለጠፉት ሃምሳ አለቃ ናቸው?»

«አዎ፣ ወንድሜ።»

«አሉ?»

«አሉ።»

ለታጣቂዎቹ አለቃ በጆሮው አንሾካሾከለት። «ሂድ» አሉኝ። ከኋላዬ የነበረውን መኪና ግን አላሳለፉትም። በመስታወት አየሁት፤ ሹፌሩ እጁን ወደ ላይ አንሥቶ ነበር። እኔ ነዳሁ።

ገንዳ ውሃ ደርሼ የልጁን ነገር ለሃምሳ አለቃ ስነግራቸው፣ ከአጋቾቹ ጋር ሄደ የተባለው ሞላ እንደሆነ አወቁ። ሥራ አቆሙ። ግማሽ በርሜሉን ደፉት። «እኛ ልጅ አስገባን፤ የወጣልን የማናውቀው ሰው ነው» አሉ። ከዚያች ቀን ጀምሮ እኔም መንገዱን ብቻ አልፈራም። የዚያን ክፍል በር እፈራለሁ። ዛሬ ማን ይገባበታል፣ ከርሞ ማን ሆኖ ይጠብቀኛል እላለሁ።

የመጨረሻው ሥራቸው አንተነህ የሚባል የጎጃም ልጅ ነበር። የትራክተር ባትሪ ሰርቀሃል ተብሎ ተያዘ፣ «ሃያ» አለ፣ ገባ። ፍርድ ቤቱ ዕድሜው ጎንደር በሐኪም ይመርመር ብሎ አዘዘ፤ መንገዱ ተዘጋ። ትእዛዙ እዚህ፣ ሐኪሙ እዚያ፣ ልጁ ከአዋቂዎቹ ጋር። ሃምሳ አለቃ መንገዱ እስኪከፈት እኔ ልረከበው ብለው አመለከቱ። ከማረፋቸው በፊት በነበሩት ቀናት ከጣቢያ ሲመለሱ ፊታቸው አመድ ይመስል ነበር።

«ተርቧል እንዴ?» አልኋቸው።

«ጠግቧል። በአጋችነት የታሰረ አንድ ሰውዬ ምግቡን ያካፍለዋል።»

«እሰይ ነዋ!»

«ምን እሰይ ነው? ያ ሰው በነጻ አካፍሎ አያውቅም» አሉኝና ዐይናቸውን ወደ መንገዱ መለሱ።

ቀጠሮው ከሥልስታቸው ማግስት ዋለ። እኔ የሄድሁት መሞታቸውን ለመናገር ነበር። ልጁ ግን አንገቱን እየሰገገ ከበሩ የሚገባውን ሰው ሁሉ ይቃኝ ነበር። ማን እንደሚጠብቅ ገባኝ። መሞታቸውን ማንም አልነገረውም። ዳኛዋ «ተረካቢው ቀርበዋል?» ሲሉ ተነሣሁ።

«ሃምሳ አለቃ ሞተዋል፣ ክብርት ዳኛ። ቀጠሮው ግን አልሞተም ብዬ እኔ መጣሁ።»

ከኋላ አንዱ «ጨማሪው ነው እኮ!» አለ፤ አዳራሹ ሳቀ። እውነታቸውን ነው። የታመነ ሰው በሚፈለግበት ቦታ እኔን ማየት ቀበሮን ለበግ ሚዜ እንደማድረግ ነው። ዳኛዋም የሚያውቁኝ ይመስለኛል፤ ከንፈራቸውን ነከሱ።

«ልጁን ከመቼ ጀምሮ ያውቁታል?»

ሰው ሁሉ «ሳይወለድ ጀምሮ» እንድል ጠበቀ።

«ዛሬ ነው ያየሁት።»

ሳቁ ቆመ።

«ታዲያ ልጅ መሆኑን በምን ዐወቁ?»

«አላውቅም። ሃምሳ አለቃ የሚጠይቁት ጥያቄ አለ። ይፈቀድልኝና ልጠይቀው።»

ፈቀዱ። ዞርሁ። «አንተነህ፣ የወተት ጥርስህን ጣሪያ ላይ ስትወረውር አብሮህ የነበረው ማነው?»

መጀመሪያ ግራ ተጋባ። ከዚያ ፊቱ ተፈታ። «እታለም ናት፤ ታላቄ። የመጨረሻው መንጋጋዬ አምና ወለቀ። ቤታችን ቆርቆሮ ነው፣ ጥርሱ እየተንከባለለ ተመልሶ እግሬ ላይ! እታለም ሳቀችብኝ፤ 'ወፏ እንኳ አልፈለገችውም' ብላ። እስኪያርፍ ድረስ ወረወርሁት...» አለና ድንገት ሃያ ዓመቱ መሆኑ ትዝ አለው። አፉን በእጁ ያዘ።

አዳራሹ ውስጥ ማንም አልሳቀም። ከተከሳሾቹ አግዳሚ አንድ ሰው ግን ልጁን ሳይሆን እኔን ትክ ብሎ አየኝ። ምግብ የሚያካፍለው እሱ እንደሆነ ማንም ሳይነግረኝ ዐወቅሁ።

«ይህ ማስረጃ አይደለም» አሉ ዳኛዋ።

«አይደለም፣ ክብርት ዳኛ።»

«ቢጠፋብዎትስ?»

«እፈራለሁ። መጥፋቱን እፈራለሁ፤ እዚያ መቆየቱን ግን የባሰ እፈራለሁ።»

ብዙ ጻፉ። ከዚያ ቀና ብለው፣ የሐኪም ውጤት እስኪቀርብ ድረስ ልጁ ለእኔ እንዲሰጥ አዘዙ።

ሃምሳ አለቃ ሆይ፣ እንግዲህ ከእርስዎ ጋር ልነጋገር፤ እነዚህ ወዳጆችዎ ይሰማሉ።

ልጁ አለ። ባለቤትዎ እሜቴ አበሩ ያበሉታል፣ ጎሚስታውን ከፍተን ጎማ ያስፈታል። መንገዱ ገና ዝግ ነው። ሲከፈት ጎንደር የማደርሰው እኔ ነኝ፤ ታጣቂዎች ያስቆሙናል ብዬ ስተኛም ስነሣም እፈራለሁ። ብንደርስ ደግሞ የሐኪሙ ራጅ የሰሊጥ ከረጢት የተሸከመን አጥንት ስንት ዓመት ብሎ እንደሚያነበው አላውቅም። ያ ምግብ የሚያካፍለው ሰውዬም አንድ ቀን ይፈታል፤ ቤቴን ያውቀዋል። ድንበሩም ቅርብ ነው፤ ጠዋት ስነሣ መጀመሪያ የማየው የልጁን መኝታ ነው። ይህን ሁሉ ፍርሃት ብቻዎን ተሸክመው ከእኔ ጋር ስለ እንቁላል ጨው ይጨዋወቱ ነበር ለካ!

ትናንት አንድ ባለ ትራክተር መጥቶ ልጁን ከላይ እስከ ታች አየውና፣ «ጎበዝ፣ ለአጨዳ ትመጣልኛለህ? ስንት ዓመትህ ነው?» አለው። አንተነህ መፍቻውን እንደያዘ ወደ እኔ ዞረ። እኔ መሬት መሬት አየሁ።

«አሥራ አራት» አለ።

አንዲት እንኳ አልጨመረም።

በሰላም ይረፉ፣ አለቃዬ። ጆሮዬን አዘንብዬ ውኃውን እየጠበቅሁ ነው። «ተማም» ለማለት ግን ገና ነው።