የሸለቡ ቀርከሃ

እስቲ ያችን ቤት ተመልከቱ። ማንጎዎቹን እንዳለፋችሁ፣ በስተቀኝ ሦስተኛዋ። ደጃፏ ላይ ከመቃን እስከ መቃን አንድ ቀርከሃ ተጋድሟል። ለከብት መከልከያ እንዳይመስላችሁ። «ሸለቡ ገብቷል፤ ማንም እንዳይሻገር» ማለት ነው።

ሸለቡ የዚህች የሰፋሪ መንደር የሕልም ጌታ ነው። የሚኖረው በእንቅልፍና በንቃት መካከል ነው ይላሉ። የፈለገውን ሰው ነፍስ ይዞ ሲዞር፣ ሰውየው ዐይኑን ገልጦ አያይም፤ ያወራል፣ አይሰማም። ታዲያ መቀስቀስ ክልክል ነው። ከቀሰቀሱት ነፍሱ ውጭ እንደቀረች ትቀራለች። ሦስት ቀን መጠበቅ ብቻ!

ይህን ደንብ ያወጡት በሰባ ሰባት ከወሎ ደጋ በካሚዮን ተጭነው አሶሳ የወረዱት ሰዎች ናቸው። ቆላ አያውቁ፣ የቆላ ትኩሳት አያውቁ። የመጀመሪያው ክረምት እንዳበቃ ሰው እየቃዠ ሲረግፍባቸው ለነገሩ ስም አወጡለት። ስም ከወጣለት በኋላማ ጠባቂም አላጣ።

የወርቅውሃ ያኔ የአራት ዓመት ልጅ ነበረች። እናቷ ከቀርከሃው ወዲያ ተኝታ «ውሃ፣ ውሃ» ስትል ትዝ ይላታል። የሰጣት አልነበረም። በሦስተኛው ቀን ቀርከሃው ተነሣ፤ እናቷም ተነሥታ ወደ መቃብር ሄደች። ቀርከሃውን ያጋደመው የደባልቄ አባት ነበር። ዛሬ ጠባቂው ራሱ ደባልቄ ነው።

የወርቅውሃ አሁን ማንጎና ኦቾሎኒ አሶሳ ገበያ የምታወጣ ሴት ናት። ጠርጣራ ይሏታል። ትሁና! ሁለት ነገር ሲከነክናት ኖሯል። ሸለቡ የሚባለው ለምን ዝናቡ ሲያባራ ብቻ ይመጣል? ደግሞስ ባለፈው ጥቅምት ደባልቄ አራት ቀን ጠፍቶ፣ ጉንጩ ጎድጉዶ የተመለሰው ከየት ነው? «ፓዌ፣ እህቴ ዘንድ ሰንብቼ» ብሎ ነበር። ከእህት ቤት ሰው እንዲህ ከስቶ ይመጣል እንዴ?

ዘንድሮ ጥቅምት ተራው የባሏ የየሻው ሆነ። ሰኞ ጠዋት ማሽላው መሃል ቁጭ ብሎ ከሌለ ሰው ጋር ሲጨቃጨቅ አገኙት። ተሸክመው አስገቡት። ደባልቄም ቀርከሃውን ይዞ ከች አለ።

«አያ ደባልቄ፣ ጤና ጣቢያ ልውሰደው» አለችው።

«ነፍሱን እዚህ ጥለሽ፣ ሥጋውን?»

«የሚቃጠለው ሥጋው ነው!»

ጎረቤቶቹ ከበቧት። «ተይ እንጂ እቴ! በገዛ እጅሽ ልትገድይው ነው?» አሏት። ፈራች። እውነት ቢሆንስ? አርባ ዓመት ሙሉ ስትጠረጥር የኖረችው ሴትዮ፣ ነገሩ በባሏ ሲመጣ ቀርከሃውን ሳትሻገር ቀረች። ደጁ ላይ ቁጭ አለች። ዐይኗን ሳትከድን ሁለት ቀን አለፈ። ከውስጥ የሻው «ውሃ» አለ።

ያን ጊዜ ነው ቀና ያለችው። ረቡዕ ረፋድ ላይ ደባልቄ ሊጠይቅ ሲመጣ፣ ሰው ሁሉ በተሰበሰበበት ጠበቀችው።

«አያ ደባልቄ፣ ማለዳ ሸለብ አድርጎኝ ሕልም አየሁ።»

«አውቃለሁ» አለ፣ ገና ሳይቀመጥ።

«የሻው ወንዝ ማዶ ቆሞ…»

«ነጭ ለብሶ።»

«አዎ፣ ነጭ ለብሶ። እጁን…»

«እጁን እያወዛወዘ ‹ጠብቂኝ፣ እመጣለሁ› ይልሻል። ሸለቡ እኔንም ወስዶኝ ነበር። ከኋላሽ ቆሜያለሁ።»

የወርቅውሃ ብድግ አለች። «እኔ ከሰኞ ጀምሮ አልተኛሁም! ያ ከኋላዬ የቆምክበት ወንዝ የት ነው ያለው?»

አንዷ ጎረቤት ሳቋ አመለጣትና አፏን በነጠላዋ ያዘች።

«ሸለቡን ተፈታተንሽው!» አለ ደባልቄ።

«አዎ፣ ተፈታተንኩት» ብላ ቀርከሃውን ከደጃፉ መንጭቃ አነሣች። ሌላ ደግሞ ከአጥሯ ነቀለች። በሁለቱ መሃል ጋቢ አስራ ቃሬዛ አበጀች። ያን ሁሉ ሰው ብታዩት፣ እጁን አጣጥፎ ነው የሚያያት። ማንጎዋን ገበያ የሚያመላልስላት የባምባሲው ዲሳሳ ባጃጁን ጥግ አቁሞ ጭቅጭቁን ሲሰማ ኖሮ፣ ወረደና ቃሬዛውን በግርጌው በኩል አነሣ።

«እትዬ፣ በራስጌው ያዢ። የእኔ ባጃጅ ሸለቡን አታውቅም።»

ጤና ጣቢያ የየሻውን ጣት ወግተው ደሙን አዩት። «ወባ ነው» አለች ነርሷ። «እስከ ነገ ብታቆዩት ኖሮ…» መንደራቸውን ስትጽፍ ደግሞ ቀና ብላ፣ «ከዚያ ነው እንዴ የመጣችሁት? ባለፈው ጥቅምት አንድ ሰውዬ እዚህ አራት ቀን ተኝተው ድነዋል። ገና ሲያንቀጠቅጣቸው በእግራቸው ነው የመጡት፤ ደባልቄ የሚባሉ። ሁሉም እንደሳቸው ቶሎ ቢመጣ!» አለች።

የወርቅውሃ ስሙን ደግማ አስጠራቻት። ያውቅ ነበር! ለራሱ መድኃኒት፣ ለሰው ቀርከሃ። እናቷ ናት ዐይኗ ላይ የመጣችባት።

የሻው ዓርብ ዕለት ነቃ። የመጀመሪያ ቃሉ «ማሽላውን ለዝንጀሮ ትታችሁ ነው እዚህ የምታፈጡብኝ?» የሚል ነበር። መንደር ሲመለሱ ግን ሰላምታ ሳሳ። የማንም ላም ብትነጥፍ በየወርቅውሃ ይሳበባል። ነርሷ ያለችውን ብትናገር «የቅናት ወሬ» አሏት። ደባልቄም አዲስ ቀርከሃ ቆረጠ።

በመጀመሪያ ያሳየኋችሁ ቤት የዚያች ሳቋ ያመለጣት ጎረቤት ቤት ናት። ዛሬ ጠዋት እሷ መቃዠት ስትጀምር ነው ቀርከሃው የተጋደመው። ደባልቄ ደጁ ላይ ቆሟል፤ ዲሳሳ ገበያ ሄዷል፤ የሻው ገና አልጠነከረም። የወርቅውሃ ጋቢዋን ይዛ ወደዚያው እየሄደች ነው። ቃሬዛ ለብቻ አይያዝም። እባካችሁ፣ ቆማችሁ አትዩ፤ አንዱን ጫፍ ያዙላት።