ከመኪናው ሆድ እስከ መሬት

ያገለገሉ መኪኖች በሚሸጡበት ግቢ ቅዳሜ ቅዳሜ የሚመጡ አንድ ሽማግሌ አሉ። ደላላም ገዢም አይደሉም። ኮታቸው ንጹሕ ነው፤ የሱሪያቸው ጉልበት ግን ሁልጊዜ አፈር ነው። ገዢ ሲያዩ ይንበረከኩና ከመኪናው ሆድ እስከ መሬት ያለውን በሜትር ይለካሉ።

«አሥራ ሰባት ሳንቲ ሜትር። አሁን ቤተሰብዎን ያስገቡበት» ይላሉ።

ሁሉም እየሳቁ ሲገቡ መኪናው ዝቅ ይላል፤ ደግመው ይለካሉ።

«አሥራ ሦስት። ይቅርብዎት።»

ባለፈው ቅዳሜ አንድ አባት ተቆጣ። «እርስዎን ምን ጥልቅ አደረገዎት?»

«እኔም ባዶውን ለክቼ ነው የገዛሁት» አሉ ሜትሩን እየጠቀለሉ። «ወንዝ ስንሻገር ሆዱ ድንጋይ ላይ ተቀመጠ። ደራሽ ውሃው ሲመጣ ውስጡ አምስት ነበርን።»

አባትየው የመኪናውን በር ከፈተ። ልጆቹ ከመኪናው ሲወርዱ፣ ሽማግሌው አንድ በአንድ በዓይናቸው ቆጠሯቸው።